በቀኝ ጆሮዬ የገባው ስብከት

ትናንት ሳሉ ስለጠናብኝ የልጅ ልጄ ዝንጅብል ወቅጣ፣ በማር አፍልታ አመጣችልኝ። ብርጭቆውን ገና ወደ አፌ ሳላደርስ እንፋሎቱ አፍንጫዬን ሲመታው ራሴን ወደ ቀኝ ዘንበል አደረግሁ። “አባባ፣ አንገትዎን አመመዎት እንዴ?” አለችኝ። አላመመኝም። ዝንጅብል ሲሸተኝ ራሴ ወደ ቀኝ ይሄዳል። ለምን እንደሚሄድ ለእሷ ለማስረዳት ጊዜ ይፈጃል፤ ለአንተ ግን እነግርሃለሁ፤ በዚህ አገር ስብከት ድሮ እንዴት እንደነበር ጠይቀኸኛልና። ትክክለኛው ሰው ዘንድ ነው የመጣኸው። ሌላ ሰው ጠይቀህ ቢሆን የሰማውን ይነግርህ ነበር፤ እኔ የሠራሁትን ነው የምነግርህ።

በአሰበ ተፈሪ፣ አሁን ጭሮ በምትሏት በዚችው ከተማ፣ እንደ እኔ ያለ ድምፅ አልነበረም። ይህን ስል መኩራራቴ አይደለም። የሚመሰክሩልኝ ሰዎች ሞተው ስላለቁ ነው ራሴ የምመሰክረው። ሥራዬ ለሎንቺና፣ ለዚያ ለድሮው አውቶቡስ፣ ሰው መጥራት ነበር። ማለዳ ጭጋጉ ከጋራው ላይ ሳይነሳ፣ ናፍጣ በሚሸተው ሜዳ መካከል ቆሜ “መኢሶ! አሰቦት! ቦርደዴ! አዋሽ!” ስል፣ ድምፄ ከወዲያኛው ጋራ ተላትሞ ተመልሶ ይመጣና ሰው ሁለት ጠሪ ያለ ይመስለው ነበር። ከገደሉ ማዶ ያለ ገበሬ ሞፈሩን አቁሞ “ቆይ፣ መጣሁ” ብሎ የሮጠበት ቀን አለ። ሌሎቹ ጠሪዎች ይጮሁ ነበር፤ እኔ ግን እጠራ ነበር። ልዩነቱን ስትሰማው ታውቀዋለህ።

ፊደል ያስቆጠረኝ ሰው የለም። የአገሩን ስም ከመኪና ግንባር ላይ እያየሁ፣ ይህ “መ” ነው፣ ይህ “አ” ነው እያልኩ ለየሁት። ፊደሉ ከገባኝ በኋላ የሟች አባቴን ዳዊት ከሣጥን አውጥቼ፣ መኪና እስኪሞላ ድረስ ጎማ ላይ ተቀምጬ አነበው ጀመር። አማርኛው የአባቴ፣ ኦሮምኛው የእናቴ ነው። አንዱ የበኩር ልጅ፣ ሌላው የእንጀራ ልጅ ሆኖ አያውቅም አፌ ውስጥ።

ስብከት ያኔ አሁን እንደምታየው አልነበረም። ቅዳሴው በግዕዝ ይቀደሳል፣ የዕለቱ ገድል በግዕዝ ይነበባል፤ ከዚያ አንድ ቄስ ነገሩን ባጭሩ በአማርኛ አውርቶ “ይቆየን” ብሎ ይወርዳል። ሕዝቡን ፊት ለፊት እያየ፣ ስለ ኑሮው እያነሳ የሚናገር ሰው አልነበረም። ይህን ወደ ከተማችን ያመጡት የኔታ ናቸው። የኔታ ከሩቅ ደጋ በእግራቸው ትምህርት ፍለጋ ሲዞሩ ኖረው፣ በመጨረሻ እኛ ጋ የቀሩ ሽማግሌ መምህር ነበሩ። ድሮ ሊቁ ዛፍ ሥር ተቀምጦ በዙሪያው ላሉት ደቀ መዛሙርት ብቻ ምሥጢር ሲያወርድ እንደኖረ ይነግሩኝ ነበር። “እኔ ግን ዛፉ ሥር ያልተቀመጠው ሰው ያሳዝነኛል” ይሉ ነበር።

በየዓመቱ ለጥምቀት፣ ታቦታቱ ወንዙ ዳር ባለው ሜዳ አድረው ውኃው ከተባረከ በኋላ፣ ስብከቱ የእርሳቸው ነበር። ከመናገራቸው በፊት ከነጠላቸው ጫፍ ቋጠሮ ዝንጅብል ፈትተው ይነክሳሉ። ለጉሮሮ ነው። ከፊት የከተማው ሰው ይቆማል፤ አስተማሪው፣ ጸሐፊው፣ ፖሊሱ ከነቤተሰቡ። ከኋላ ከመሰላና ከየገጠሩ የመጣው ሕዝብ ይቆማል። ይኸኛው ታቦቱን ወድዶ የመጣ ነው፤ አማርኛውን ግን አይሰማም፤ ቋንቋው ኦሮምኛ ነው። ስለዚህ ስብከቱ ሲጀመር ጀርባውን አዙሮ ስለ በሬና ስለ ማሽላ ዋጋ ያወራል። የኔታ ይህን ከመድረኩ ላይ እያዩ ነው ዕድሜያቸውን የጨረሱት።

አንድ ክረምት ብርድ መታቸውና ድምፃቸው ጠፋ። ዝናቡ አባርቶ ፀሐይ ቢወጣም ድምፃቸው አልተመለሰም። የቀራቸው ሹክሹክታ ብቻ ነበር። የደብሩ አለቃ ለመጪው ጥምቀት ከአዲስ አበባ የድምፅ ማጉያ ያለው ሰባኪ እንዲመጣ እንደሚጽፉ፣ ካልመጣም ስብከቱ እንደሚቀር ተናገሩ ተባለ። የኔታም ይረፉ ተባለ። እንዲህ ያለ ሰው ይረፍ ማለት ይሙት ማለት ነው።

ከዚያ በኋላ አንድ ጠዋት የኔታ በትራቸውን ተመርኩዘው መኪና ማቆሚያው ድረስ መጡ። የተጣለ ጎማ ላይ ቁጭ ብለው ስጠራ ሰሙኝ። ሎንቺናው ሞልቶ ሲሄድ በጣታቸው ጠቀሱኝና አጎነበስኩ። ከንፈራቸው ቀኝ ጆሮዬን ሊነካው ምንም አልቀረውም፤ ትንፋሻቸው ዝንጅብል ዝንጅብል ይላል።

“ድምፅህን አውሰኝ” አሉኝ።

እርሳቸው በጆሮዬ ሊነግሩኝ፣ እኔ ለሕዝቡ ልናገር ነው። እሺ ከማለቴ በፊት አንድ ነገር ጠየቅኋቸው። ሾፌሬ ሙስሊም ነበር፤ የጠዋት ጫቱን እየቃመ ሁልጊዜ ይተርበኛል። “የእኛ ሼህ አረብኛውን አንብበው ሲያበቁ በኦሮምኛ ያፍታቱታል፤ በግ ጠባቂው ሳይቀር ያለቅሳል። የእናንተ ቄስ ለማን ነው የሚያወራው? ለታቦቱ ከሆነ ታቦቱ ያውቀዋል” ይለኝ ነበር። ይህ ትረባ በልቤ ሳለ ነው የኔታ የመጡልኝ። “በሁለቱም ቋንቋ ልናገረው?” አልኳቸው፤ “በአባቴም በእናቴም?” የኔታ ብዙ ጊዜ አላሰቡም። “ታዲያ ለምን መጣሁ መሰለህ፤ የሚጮህ ሰውማ በየደጁ ሞልቷል” አሉኝ።

የደብሩን አለቃ ለማስፈቀድ አብረን ሄድን። አለቃው መልካም ሰው ነበሩ፤ ነገር ግን ሥርዓት ከእጃቸው እንዳይወድቅ እንደ ሸክላ ይዘው የሚኖሩ ዓይነት ናቸው። መጀመሪያ እኔን ከእግር እስከ ራስ አዩኝ። ናፍጣ ያረፈበት ኮቴን አዩ። “የቤተ ክርስቲያን ቋንቋ ግዕዝ ነው። ለሕዝቡ ስንል አማርኛ ፈቀድን። አሁን ደግሞ ሦስተኛ ልትጨምሩ ነው? ያውም በመኪና ጠሪ?” አሉ።

የኔታ ወደ ጆሮዬ ተጠጉ። ያቺ ናት የመጀመሪያዋ ስብከቴ። “የኔታ እንዲህ ይላሉ” አልኩ፤ “ወንጌል ግዕዝ ሆኖ አልተወለደም። ግዕዝም አንድ ቀን ከበር ቆሞ ግቡ የተባለ እንግዳ ነው።”

አለቃው ጣታቸውን ወደ እኔ ቀስረው ፈረዱ። የኔታ ያሉትን ብቻ ልናገር። ከራሴ አንዲት ቃል ብጨምር ከመድረኩ እንደምወርድ፣ የኔታም ዳግመኛ በዚያ ሜዳ እንደማይሰብኩ ነገሩኝ። “ሰማህ? የእርሳቸው መጨረሻ በአንተ ምላስ ላይ ነው” አሉኝ። ስንወጣ የኔታ ደረጃውን የወረዱት ክብደታቸውን ሁሉ ትከሻዬ ላይ ጥለው ነው።

እስከ ጥምቀት ድረስ ከሥራ በኋላ ወንዙ ዳር እየሄድን ተለማመድን። እርሳቸው ድንጋይ ላይ ይቀመጣሉ፣ እኔ አጠገባቸው እንበረከካለሁ። በአንድ ትንፋሽ የሚሸከሙትን ያህል ይነግሩኛል፤ እኔ ማዶ ላሉት ዝንጀሮዎች በአማርኛ፣ ቀጥሎ በኦሮምኛ እናገራለሁ። እየተናገሩ መስማት ቀላል እንዳይመስልህ። አፍ ሲሠራ ጆሮ ይዘጋል። እኔ ግን ቶሎ ለመድኩት፤ ሾፌሩ ከኋላ እየተሳደበ፣ ተሳፋሪው ከፊት እየተከራከረ ስጠራ የኖርኩ ነኛ። አንዳንዴ አንድ ሁለት ቃል እጨምራለሁ። ያኔ በበትራቸው ጎኔን ወጋ ያደርጉኛል። “ቃሉን ተሸከም እንጂ አትኳለው” ይሉኛል።

እርሳቸውም ከእኔ የተማሩት አለ። የታላቅ ሊቅ አስተማሪ ነበርኩ ብል ውሸት አይደለም። አንድ ቀን ሰውን እንዴት አድርጌ እንደማስቆም ጠየቁኝ። ሰው ጫጫታ ውስጥ ሆኖ ዋጋም፣ ሰዓትም፣ የመኪናውን ማማርም አይሰማም አልኳቸው። የሚሰማው የአገሩን ስም ነው። የመሰላን ሰው ለማስቆም መጀመሪያ “መሰላ” በለው፤ የፈለግኸውን ኋላ ትነግረዋለህ። የኔታ ይህን ሲሰሙ ድምፅ በሌለው ሳቅ ትከሻቸው እስኪርገበገብ ሳቁ። ከዚያ የመሰላን ስም ደግመው አስጠሩኝ።

የጥምቀት ቀን ደረሰ። ሌሊቱን የነበረው ብርድ በፀሐይ ሲሟሟ፣ ከሣሩ ላይ ጤዛና የተረገጠ ጦስኝ ይሸት ነበር። ከአዲስ አበባ ይመጣል የተባለው ሰባኪ አልመጣም። ውኃው ተረጨ፤ ከበሮው ዝም አለ፤ ጥላዎቹ ተሰበሰቡ። የኔታ ዝንጅብላቸውን ነከሱና እንጨት በእንጨት ላይ ወደ ተረበረበው መድረክ ወጣን። እርሳቸው ከኋላዬ ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ እኔ ጆሮዬን ሰጥቼ፣ እጄን ጉልበቴ ላይ አድርጌ ጎንበስ ብዬ ቆምኩ። አለቃው ከመድረኩ ሥር፣ ዓይናቸውን ከየኔታ ከንፈር ላይ ሳያነሱ ቆሙ። የመኪና ሰዎችም መጥተው ኖሮ አንዱ “ጥራ እንጂ፣ መኪናው ሊወጣ ነው” ሲል ከአንድ ወገን ሳቅ ተነሳ።

የኔታ የመረጡት የግብዣውን ምሳሌ ነበር። አንድ ጌታ ድግስ ደግሶ የተጠሩት ሁሉ ምክንያት እየፈጠሩ ቀሩበት። የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር በአማርኛ ስለቅቀው ከፊት ያሉት ቀና አሉ። በኦሮምኛ ስደግመው ከኋላ ያለው ጉርምርምታ ቆረጥ አለ። ብዙ ጀርባ ቀስ እያለ ዞረ፤ በዚያ ሜዳ በስብከት ሰዓት ፊት የሆነውን ጀርባ ያየሁት ያን ቀን ነው። የኔታ አንዱ እርሻ ገዝቻለሁ አለ ሲሉኝ፣ ያንኑ አልኩ። ሌላው በሬ ገዝቻለሁ አለ ሲሉኝ፣ በአማርኛው በሬ አልኩና በኦሮምኛው ጫት ለቃሚዎች ይጠብቁኛል አለ አልኩ። ከኋላ ሳቅ ፈነዳ። በትሩ ጎኔን ወጋኝ። አለቃው ኦሮምኛ ስለማይሰሙ ምን ተባለ ብለው ዘወር ዘወር አሉ፤ የሚነግራቸው ሰው ግን አላገኙም።

ጌታው ተቆጣ፤ አገልጋዩንም፣ “ወደ መንገዱ ውጣና ያገኘኸውን ሁሉ ጥራ” አለው። ይህን ተናገርኩና ቀጣዩን ጠበቅሁ።

ምንም አልመጣም።

ጆሮዬን የበለጠ አስጠጋሁ። ትንፋሻቸው ይመጣል፣ ዝንጅብሉ ይሸታል፤ ቃል ግን የለም። በዓይኔ ጥግ ሳይ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል። አለቃው ከታች ሆነው የሚያዩት ያንኑ ነው፤ የሚናገር ሽማግሌ። በዚያ ሁሉ ሕዝብ መካከል ያ ከንፈር ባዶ መሆኑን የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ። ድምፃቸው አለቀ ብዬ አሰብኩ። ዝም ብል ስብከቱ ከመንገድ ቀረ፤ የኔታም አበቃላቸው። ብናገር ደግሞ ከራሴ የጨመርኩት ቃል ነው፤ ከታወቀብኝ እንደዚያው አበቃላቸው። ከኋላ ካለው ሕዝብ አንዳንዱ ተመልሶ መዞር ጀመረ። እነሱ እንደገና ጀርባ ሲሆኑ ማየት አልቻልኩም።

ጎንበስ ካልኩበት ቀና አልኩና ጠራሁ።

“መሰላ!” አልኩ። መዞር የጀመረው ሁሉ ቀንበሩ እንደተሳበ በሬ ቀጥ አለ። “የመሰላ ሰው፣ ተጠርተሃል! የጫት እስርህን እዚያው አስቀምጠህ ና! የአሰቦት ሰው፣ ግመልህን ግራሩ ሥር አስረህ ና! የቦርደዴ ሰው፣ አቧራህን ሳታራግፍ ና፤ ባለቤቱ ከነአቧራህ ነው የጠራህ!” ሁሉንም በአማርኛ ካልኩ በኋላ በእናቴ ቋንቋ ደገምኩት። “ኮታ! ኮታ!” አልኩ፤ ኑ ማለት ነው። ከተማውንም አልረሳሁም። ጸሐፊውን ማኅተምህን ቆልፈህ ና፣ ፖሊሱን መለዮህን አውልቀህ ና አልኩት። በዚያ መንገድ የማውቀውን አገር ሁሉ በየስሙ፣ ሰውን ሁሉ በየሸክሙ ጠራሁ። በየመሃሉም ለአለቃው ዓይን ስል ጆሮዬን ወደዚያ ባዶ ከንፈር ዘንበል አደርግ ነበር። ጋራው ድምፄን ተቀብሎ መለሰው። ጋራውም አብሮኝ ይሰብክ ነበር ብልህ እመነኝ።

አንዲት ባልቴት ከኋላ ተነሡና ሕዝቡን በክርናቸው እየከፈቱ ወደ ፊት መምጣት ጀመሩ። አንድ ወታደር ሊያቆማቸው ሲል በኦሮምኛ የሆነ ነገር አሉት፤ እጁን ሰበሰበ። ምን እንዳሉት ኋላ ሰማሁ። “ተጠራሁ እኮ፤ አልሰማህም?” ነው ያሉት። እርሳቸው ሲመጡ ሌላው ተከተለ። ፊትና ኋላ የነበረው ሕዝብ ተደባለቀ፤ ነጭ ነጠላና የገጠር ሽርጥ አንድ ላይ ሆነ። ባልቴቷ መድረኩ ሥር ደርሰው እጄን ሳሙኝና “ኢልማ ኮ” አሉኝ፤ ልጄ ማለታቸው ነው። ከዚያ በኋላ ብዙ ሰው አመስግኖኛል። እንደዚያ ግን ማንም አልጠራኝም።

በዚያን ጊዜ ቀኝ ጆሮዬ ውስጥ ሹክሹክታው ተመለሰ። “አሜን በል” አለኝ። አልኩ። ሜዳው በአንድ ድምፅ መለሰልኝ።

አለቃው መድረኩ ላይ ወጥተው የየኔታን ጉልበት ነኩ። ዓይናቸው እርጥብ ነበር። “የኔታ፣ ዛሬስ ምን ዓይነት ስብከት ነው የሰበኩት” አሉ። የኔታ ወደ ጆሮዬ ተጠግተው “አፍህን ያዝ” አሉኝ። እኔም ቀና ብዬ፣ “የኔታ እግዚአብሔር ይመስገን ይላሉ” አልኩ። የኔታ በነጠላቸው አፋቸውን ሸፈኑ፤ ትከሻቸው ሲርገበገብ አለቃው የሚያለቅሱ መሰላቸው።

ታቦታቱን ሸኝተን ሽቅብ ወደ ከተማ ስንመለስ ሾፌሬ መንገድ ዳር ሎንቺናውን አቁሞ ጠበቀኝ። “ዛሬስ መኪናውን ሞላህ” አለኝ። ከእርሱ አፍ ሙገሳ ስሰማ የመጀመሪያም የመጨረሻም ነው። ከእርሱ ስንለይ፣ ሳላስበው ከአፌ ወጣ፤ “የኔታ፣ ድምፅዎ እዚያ ላይ አለቀ አይደል?” አልኳቸው።

ቆሙ። ጎንበስ አልኩላቸው።

“አላለቀም” አሉኝ። “እስከዚያ ድረስ ያለውን እኔ አውቀዋለሁ። ወደ መንገዱ ውጣ ከተባለ በኋላ ያለውን ግን የምታውቀው አንተ ነህ።” ከዚያ እንደገና ትከሻዬን ያዙና ሽቅቡን ቀጠልን። ያን ቀን እጃቸው ትከሻዬ ላይ ቀላል ነበር።

አየህ፣ ይህን የምነግርህ ክብሬን ልቀንስ አይደለም። እርሳቸው የሰጡኝ ዝምታውን ነው፤ ንግግሩ የእኔ ነው። ነገር ግን ብዙ ተናጋሪ አይቻለሁ፤ በራሱ መድረክ ላይ፣ በራሱ ቀን፣ ሌላው ይናገር ብሎ ከንፈሩን በባዶ የሚያንቀሳቅስ ሰው ሁለተኛ አላየሁም። እኔ ራሴም የምችለው አይመስለኝም።

የኔታ ለሚቀጥለው ጥምቀት አልደረሱም። የተቀበሩት ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ነው፤ መኪና ማቆሚያው ከዚያ ይሰማል። በዚያው ዓመት ሰባኪውም ማጉያውም ከአዲስ አበባ መጡ። ልስማው ብዬ ከኋላ ሄጄ ቆምኩ። ድምፁ ከእኔም ርቆ ይሰማ ነበር፤ እውነቱን ነው የምነግርህ። በአጠገቤ ያሉት ግን ስለ በሬ ያወሩ ነበር። እኔም አላስቻለኝም፤ እዚያው ከኋላ ሆኜ እየተቀበልኩ በኦሮምኛ አፈታታላቸው ጀመር። አለቃው ሰሙ፤ ወደ ኋላ ተመለከቱኝና ሳይከለክሉኝ ፊታቸውን መለሱ። ከዚያ ወዲያ መሰላም፣ ቦርደዴም፣ አሰቦት ገዳም ለንግሥ የሚሄደው ሰውም ሲጠራኝ ኖረ። ከሰባኪ ሁሉ ጎን ቆሜያለሁ። በጆሮዬ የነገረኝ ግን የለም፤ ሁሉም በማጉያ ነው።

አሁን ቀኝ ጆሮዬ አይሰማም። ሐኪሙ የእርጅና ነው አለ፤ የልጅ ልጄም እኔን ለማነጋገር በግራ በኩል ትዞራለች። ዝንጅብሉን ስታመጣልኝ ግን የማዘነብለው በዚያ በማይሰማው በኩል ነው። እንፋሎቱ ይመጣል፣ ይሞቀኛል፤ ቃል ግን የለም። ትንሽ እጠብቃለሁ። ከዚያ ቀና እላለሁ።